ፍቅርና ይሉኝታ በድምፅ አልባ ፊልም፦ ለአንድ ምሽት የትኛውን እንምረጥ?

ከ1908 እስከ 1914 አሜሪካ ውስጥ የተሠሩት የፍቅር ድራማዎች አብዛኞቹ በአንድ ሪል የሚያልቁ ነበሩ (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው)። አንድ ሪል 1000 ጫማ ያህል፣ ማለትም 305 ሜትር ግድም የሚረዝም ፊልም ሲሆን እንደሚታይበት ፍጥነት ከ11 እስከ 17 ደቂቃ ይወስዳል። በዚህች ጊዜ ውስጥ ሁለት ሰዎች ይተያያሉ፣ ሰፈሩ ያማቸዋል፣ አባት ይቆጣል፣ መጨረሻው ሠርግ ወይም ለቅሶ ይሆናል። ንግግር ስለሌለ ፍቅሩ የሚነገረው በዓይንና በእጅ ነው። ሐሜቱ ግን ድምፅ ባይኖረውም ቁልጭ ብሎ ይታያል። የእነዚህ ፊልሞች ጉልበትም ያለው እዚያ ላይ ነው።

ይህ መመሪያ ለማኅበር፣ ለተማሪዎች ክበብ ወይም ለዘመድ አዝማድ የአንድ ምሽት ዝግጅት ለሚያሰናዱ ነው። ፊልሞቹ በኢንተርኔት በነፃ ይገኛሉ፤ የሚያስቸግረው መምረጡ ነው። ብዙ ሰው በተዋናይዋ ስም ወይም በዳይሬክተሩ ዝና ይመርጣል። እኛ የምንመክረው መለኪያ ሌላ ነው፦ በታሪኩ ውስጥ በፍቅሩ ላይ የሚፈርደው ማን ነው? አንዱ ላይ ምእመናን፣ ሌላው ላይ አባት፣ ሌላው ላይ ባል፣ ሌላው ላይ ደግሞ ከውጭ አገር የመጣ የውርስ ደብዳቤ ነው። ተመልካቾቻችሁ በሕይወታቸው የሚያውቁትን ፈራጅ ከመረጣችሁ፣ መቶ ዓመት ያለፈው ፊልም ያለ ብዙ ማብራሪያ ይገባቸዋል። ካልሆነ ግን ልብሱንና ባርኔጣውን አይተው ይበተናሉ።

መንደሩ ሲፈርድ፦ «ዘ ኒው ዮርክ ሃት»

አንድ ፊልም ብቻ የማሳየት ዕድል ካላችሁ ይህን ምረጡ። በ1912 ዴቪድ ዋርክ ግሪፊዝ ለባዮግራፍ ኩባንያ የሠራው ሲሆን ድርሰቱ የአኒታ ሉስ ነው። ለድርሰቱ የተከፈላት 25 ዶላር ነበር። ሜሪ ፒክፎርድ ልጅቷን፣ ላዮኔል ባሪሞር ፓስተሩን ሆነው ይጫወታሉ። የተቀረጸውም ያኔ የፊልም ከተማ በነበረችው በፎርት ሊ፣ ኒው ጀርሲ ነው።

ታሪኩ የሚጀምረው በአንዲት እናት ሞት ነው። ሴትዮዋ ከመሞቷ በፊት ለፓስተሩ ትንሽ ገንዘብና ደብዳቤ ትተውለታለች። ባሏ በሥራ አድክሞ እንደገደላት ትጽፍና፣ የተረፈችውን ሳንቲም ይዞ ልጇ ሁልጊዜ የተነፈገችውን ጌጣጌጥ አልፎ አልፎ እንዲገዛላት፣ ይህንንም ለማንም እንዳይናገር ትለምነዋለች። ልጅቷ ከኒውዮርክ የመጣ ባለ 10 ዶላር ባርኔጣ በሱቅ መስኮት ታያለች። ፓስተሩ ልቧ መሄዱን ይመለከትና ይገዛላታል። እሑድ ባርኔጣውን አድርጋ ቤተ ክርስቲያን ስትሄድ መንደሩ ይታመሳል፤ አንድ ያላገባ ሰባኪ ለአንዲት ወጣት ባርኔጣ የሚገዛው ለምንድን ነው? ወሬው አባትየው ጆሮ ይደርሳል፣ ባርኔጣው ይቀዳደዳል፣ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎችም ፓስተሩን ለመጠየቅ ይመጣሉ። ፓስተሩ ደብዳቤውን ሲያወጣ የሁሉም አፍ ይዘጋል። ከዚያ በኋላ ልጅቷን ለጋብቻ ይጠይቃታል፣ እሷም እሺ ትላለች።

ፊልሙን የሚያስመርጠው ተመልካቹና መንደሩ የሚያውቁት ነገር መለያየቱ ነው። ደብዳቤውን እኛ አንብበነዋል፣ ሐሜተኞቹ አላነበቡትም። ስለዚህ ሴቶቹን አፍ ለአፍ ገጥመው ባየን ቁጥር የሚያስጨንቀን እውነቱን እያወቅን ማስቆም አለመቻላችን ነው። ዝግጅቱን የሚያበላሸው የተለመደ ስህተትም እዚሁ ላይ ይፈጠራል። የደብዳቤው የጽሑፍ ካርድ (በምስሎቹ መካከል ለብቻው የሚታየው ጽሑፍ) ሳይተረጎም ካለፈ ወይም አዘጋጁ «ይህቺ እንኳ ትለፍ» ካለ፣ ፓስተሩ ወጣት ልጅ የሚያማልል ሰው ይመስላል፤ ታሪኩም ተገልብጦ ሐሜተኞቹ ትክክል ይሆናሉ። ሌላው ሁሉ ቢቀር ይህን ካርድ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ቃል በቃል አንብቡት።

ለእኛ ተመልካች ደግሞ ከመጀመሩ በፊት አንድ ዓረፍተ ነገር ያስፈልጋል። የኦርቶዶክስ ካህን ከክህነት በኋላ ሚስት ስለማያገባ፣ ሰውየው «ቄስ» ተብሎ ከተዋወቀ መጨረሻው አዳራሹን ያስደነግጣል። የፕሮቴስታንት ሰባኪ እንደሆነ፣ እንዳላገባና ማግባትም እንደሚፈቀድለት አስቀድማችሁ ተናገሩ። የአዲስ አበባ የመጀመሪያው ሲኒማ ቤት በሕዝቡ ዘንድ «ሰይጣን ቤት» ይባል እንደነበር የሰሙ ሽማግሌዎች ካሉም፣ ይህን ከመግቢያው ጋር ብታነሱት ጥሩ ነው። ከባሕር ማዶ የመጣ አዲስ ነገር በአንድ ማኅበረሰብ ፊት እንዴት እንደሚታይ ለማውራት መንገድ ይከፍታል።

አንድ ቅር የሚለን ነገር አለ። መጨረሻ ላይ የሚመጣው የጋብቻ ጥያቄ ችኩል ነው። ሰባኪው እስከዚያች ደቂቃ ድረስ እንደ አሳዳጊ እንጂ እንደ አፍቃሪ አልታየም። ልጅቷ ከአባቷ ቤት ወጥታ ወደ ፓስተሩ ቤት መግባቷ ነፃነት ነው ወይስ የጠባቂ ለውጥ? ለውይይት ከዚህ የተሻለ ጥያቄ አይገኝም፤ ወጣት ሴቶች ባሉበት ክበብ ብዙ ያከራክራል።

አባት ሲፈርድ፦ «ዘ ፔይንትድ ሌዲ»

ይህም በ1912 በዚያው በግሪፊዝ እጅና በዚያው ኩባንያ የተሠራ ሲሆን ብላንሽ ስዊት ትጫወትበታለች። ከባርኔጣው ፊልም ጋር ሲተያይ መንትያ ይመስላል። እዚያም እዚህም ጥብቅ አባት አለ፣ ማጌጥ የተከለከለባት ልጅ አለች። መንገዱ ግን ፈጽሞ ሌላ ነው።

ታላቂቱ ልጅ አባቷ መኳኳል ነውር ነው ስላላት ፊቷን ሳትነካ ትኖራለች። ታናሿ ግን ተደብቃም ቢሆን ፓውደሯን ትቀባለች፤ በመንደሩ የአይስክሬም ግብዣ ላይም ወንዶቹ የሚከቡት እሷን ነው። ታላቂቱ ብቻዋን ትቀራለች። ከዚያ አንድ እንግዳ ሰው ይቀርባታል፣ ባዶ ፊቷን ወድዶ ያወራታል፤ እሷም እንደታዛዥነቷ የተካሰች ይመስላታል። ሰውየው ግን የሚፈልገው የአባቷን ገንዘብ ነው። አንድ ሌሊት ፊቱን ሸፍኖ ቤቱን ሊዘርፍ ሲገባ ሽጉጥ ይዛ ትጋፈጠዋለች፣ ተኩሳም ትገድለዋለች። መሸፈኛውን ስታነሳ ማን እንደሆነ ታያለች፤ አእምሮዋም ይናወጣል።

የቀረው የፊልሙ ክፍል ለዚህ ዘመን ተመልካች ከባዱ ነው፣ በእኛ ዓይን ደግሞ ምርጡ። ልጅቷ ይገናኙበት ወደነበረው ቦታ እየሄደች በሌለ ሰው ፊት ትሽኮረመማለች፣ ትመልሳለች፣ ትሰማለች። ስዊት ፊቷን ሳታጨማድድና እጇን ሳታወናጭፍ ነው የምትጫወተው፤ ፈገግታዋ ይመጣል፣ ትንሽ ይቆያል፣ ከዚያ ምክንያቱ የጠፋባት ይመስል ይከስማል። በዚያ ዘመን ከነበረው የመድረክ ዓይነት ትወና ጋር የሚያነጻጽር ተማሪ ካለ ይህን ትዕይንት ሁለት ጊዜ አሳዩት፤ መጀመሪያ በሙዚቃ፣ ቀጥሎ በጸጥታ።

ከሁለቱ የትኛው? ተመልካቹ ድምፅ አልባ ፊልም አይቶ የማያውቅ ከሆነ ባርኔጣው። ዕቃዋ አንድ ናት፣ ሁሉም ሰው ያያታል፣ ታሪኩም በእሷ ላይ ይንጠለጠላል። ሁለት ሦስት ፊልም ያየ ተመልካች ካላችሁ «ዘ ፔይንትድ ሌዲ» የበለጠ ይሰጣል፤ ምክንያቱም ትእዛዝ ያከበረች ልጅ በማክበሯ የምትጎዳበት ታሪክ ነው። መንደሩ ሲፈርድ ደብዳቤ አውጥቶ ማሸነፍ ይቻላል፤ በልጅነት ልብ ውስጥ የተተከለን የአባት ቃል ግን የሚረታ ማስረጃ የለም። ሕፃናት ባሉበት ግን አታሳዩት። በቅርብ ጊዜ ኀዘን የደረሰበት ቤተሰብ ካለም ለሌላ ጊዜ ይቆይ።

ከሠርግ በኋላ፦ ሦስት የትዳር ፊልሞች

ተመልካቾቻችሁ ባለትዳሮች ከሆኑ የሚመረጡት ሦስት ናቸው፤ እርስ በርሳቸውም አይመሳሰሉም።

«ዘ መዘሪንግ ሃርት» በ1913 የተሠራ የግሪፊዝ ባለ ሁለት ሪል ፊልም ነው፤ ስለዚህ ጊዜውን እጥፍ አድርጋችሁ ያዙ። ሊሊያን ጊሽ ያኔ 19 ዓመቷ ነበር። ሚስት የሰው ልብስ እያጠበች ባሏን ታግዛለች፤ እሱ ሲያልፍለት በምሽት ክበብ የተዋወቃትን ሴት ይከተላል፤ ሚስት ቤቱን ጥላ ትሄዳለች፣ ልጅ ትወልዳለች፣ ልጁም ይሞታል። የሚጠበቀው ሙሾ ነበር። ጊሽ ግን ወደ አትክልቱ ቦታ ወጥታ በዱላ የጽጌረዳውን ቁጥቋጦ ትቀጠቅጣለች። ኀዘን በቁጣ ሲወጣ የሚያሳይ እንዲህ ያለ ትዕይንት በዚያ ዘመን አጭር ፊልም ውስጥ ብርቅ ነው። የእርቁ ትዕይንት ግን ያከራክራል፤ ባልየው ሌላዋ ሴት ስትተወው ነው የሚመለሰው፣ ይቅር የሚባለውም በልጁ ሬሳ ፊት ነው።

«ኤ ሃውስ ዲቫይድድ» የአሊስ ጊ ብላሼ ሥራ ነው፤ እሱም የ1913። አሊስ ጊ በፓሪስ ጎሞን ኩባንያ የፊልም ሥራን ስትመራ የቆየች፣ በኋላም አሜሪካ ሄዳ በ1910 ሶላክስ የተባለውን የራሷን ኩባንያ ያቋቋመች ዳይሬክተር ናት። ባልና ሚስት በከንቱ ጥርጣሬ ይጣላሉ፤ ጠበቃ ዘንድ ይሄዱና በአንድ ቤት ተለያይተው ለመኖር ይፈራረማሉ። ከዚያ በኋላ መነጋገር ስለተከለከለ በወረቀት ይጻጻፋሉ። ንግግር በሌለበት ጥበብ ላይ ስለ መኮራረፍ ቀልድ መሥራቷ ብልህነት ነው። ሳቅ ያለበት ምሽት ከፈለጋችሁ ይህ ይበቃችኋል። ወረቀቶቹ ግን ብዙ ስለሆኑ አንባቢው ቀድሞ ሊለማመድ ይገባል። አንዱ ወረቀት ሳይነበብ ቢያልፍ ቀጣዩ ሳቅ ይጠፋል።

ሦስተኛው «ሜኪንግ አን አሜሪካን ሲትዝን» ነው፤ በ1912 በሶላክስ የተሠራ የአሊስ ጊ ፊልም። ኢቫን የተባለ ሩሲያዊ ገበሬ ከሚስቱ ጋር ኒውዮርክ ይገባል። በአገሩ ሚስቱን ከአህያ ጋር አጣምዶ ጋሪ ያስጎትት ነበር። አሜሪካኖች ደጋግመው ጣልቃ እየገቡ ይከለክሉታል፣ አልሰማ ሲል ይታሰራል፣ ተለውጦ ይወጣል። በዋሽንግተን፣ በቴል አቪቭም ሆነ በፍራንክፈርት ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ከሁሉም በላይ የሚያናግረው ይህ ነው። ባል ሚስቱን መምታት እንደሌለበት በ1912 እንዲህ በግልጽ ማሳየቱ ይከበራል። ያም ሆኖ ሁሉንም በጎ ነገር ከአዲሱ አገር፣ ሁሉንም ክፉ ነገር ከአሮጌው አገር አድርጎ ያቀርባል፤ ሚስትየዋም ራሷ ስትናገር ወይም ስትወስን አናይም፣ የሚያድኗት ሌሎች ናቸው። እነዚህን ሁለት ነገሮች ሳታነሱ ካሳያችሁት ውይይቱ «አገራችን ኋላ ቀር ናት» እና «ባህላችንን አትስደቡ» በሚል ለሁለት ይከፈልና ስለ ትዳር ማንም ሳያወራ ይመሻል። የዱላ ትዕይንት እንዳለበትም ቀድማችሁ አሳውቁ።

በዘር መካከል ሲሆን

የ1910 ሁለት ፊልሞች ጎን ለጎን ይታያሉ። የግሪፊዝ «ራሞና» በካሊፎርኒያ ተቀርጿል፤ ሜሪ ፒክፎርድ ቤተሰቧን ትታ አንድ የአሜሪካ ነባር ተወላጅ (ቀይ ህንድ የሚባሉት) የምታገባ ሴት ሆናለች፤ ፍቅረኛውንም የተጫወተው ነጩ ሄንሪ ዋልትሆል ነው። «ኋይት ፎንስ ዲቮሽን» ደግሞ በጄምስ ያንግ ዲር የተሠራ የፓቴ ኩባንያ ፊልም ነው። አንዲት የአሜሪካ ነባር ተወላጅ ነጭ ባሏ የውርስ ደብዳቤ ሲደርሰው ጥሏት የሚሄድ ይመስላትና ራሷን በቢላ ትወጋለች፤ ባልየው የገደላት መስሎ ይታደናል፣ እሷ ግን አልሞተችም። የመጀመሪያው በትወናና በመልክዓ ምድር ይበልጣል። ሁለተኛው የተቆራረጠና የተጣደፈ ነው፤ ቢሆንም ቤተሰቡ በሕይወት ተርፎ አንድ ላይ ይቀራል፤ ይህ በዘመኑ የሁለት ዘር ፍቅር ፊልሞች ዘንድ እምብዛም አይታይም። አንዱን ብቻ ከሆነ ሁለተኛውን እንመርጣለን። ተሳዳጆቹ አሳዛኝ ሆነው የሚሞቱበት ታሪክ በሌላ ቦታ ሞልቷል።

ለመክፈቻ የሚሆኑ

ዋናውን ፊልም በቀጥታ ከመጀመር ዓይን የሚያለማምድ አጭር ነገር ማስቀደም ይጠቅማል። በ1896 በኤዲሰን ስቱዲዮ ሜይ ኧርዊንና ጆን ራይስ ከመድረክ ተውኔት ወስደው የተሳሳሙበት ፊልም 18 ሰከንድ ያህል ነው። ከእሱ ቀጥሎ በ1898 ዊልያም ሴሊግ ቺካጎ ውስጥ የቀረጸውን «ሳምቲንግ ጉድ» አሳዩ። ሴይንት ሳትልና ገርቲ ብራውን የተባሉ ጥቁር አሜሪካውያን ተዋንያን እየሳቁ፣ እጅ ለእጅ እየተያያዙ፣ እየተገፋፉ ደጋግመው ይሳሳማሉ። በ2018 በአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገብቷል። ያኔ ጥቁሮች በመድረክ ላይ በአብዛኛው ለመሳቂያ በሚቀርቡበት አገር፣ እዚህ ሁለት ሰዎች በእርግጥ የሚደሰቱ ይመስላሉ። ሁለቱን በተከታታይ ያየ ሰው ልዩነቱን ራሱ ይናገረዋል።

ረዘም ያለ ከፈለጋችሁ የአሊስ ጊ የ1906 የፈረንሳይ ፊልም አለ፤ ስሙ «ሌ ሬዙልታ ዱ ፌሚኒዝም»፣ ርዝመቱ 7 ደቂቃ ግድም። ወንዶቹ ይሰፋሉ፣ ልብስ ይተኩሳሉ፣ ልጅ ይይዛሉ፤ ሴቶቹ ቡና ቤት ተቀምጠው ይጠጣሉ፣ መንገድ ላይም ወንዶቹን ያስቸግራሉ። ትርጉም አያስፈልገውም፤ ለወጣቶች ክበብ ከዚህ የተሻለ መክፈቻ አናውቅም።

አስታ ኒልሰን የተጫወተችበትን የኡርባን ጋድን «አፍግሩንደን» የሚጠቁሙን አሉ። በ1910 ዴንማርክ ውስጥ የተሠራ ድንቅ ሥራ ነው፤ የፒያኖ አስተማሪዋ የፓስተር ልጅ የሆነውን እጮኛዋን ትታ ከሰርከስ ሰው ጋር ትጠፋለች። ነገር ግን 37 ደቂቃ ያህል ስለሚሄድና የዳንሱ ትዕይንት ለአዋቂ ብቻ ስለሚሆን ከአጫጭሮቹ ጋር አትቀላቅሉት። የራሱ ምሽት ይገባዋል። የዴንማርክ ፊልም ኢንስቲትዩት የአገሩን ድምፅ አልባ ፊልሞች በነፃ ስለሚያሳይ ጥሩ ቅጂ ፍለጋ አያስቸግርም።

ቅጂውን መምረጥ

ፊልሙን ከመረጣችሁ በኋላ ያለው ምርጫ ከመጀመሪያው አያንስም። አንዱ ርዕስ በአምስት ስድስት ዓይነት ቅጂ ይገኛል፤ መጥፎው ቅጂ ጥሩውን ፊልም ይገድላል።

መጀመሪያ ፍጥነቱን ተመልከቱ። በ35 ሚሊሜትር ፊልም አንድ ጫማ ላይ 16 ፍሬም (ነጠላ ምስል) አለ፤ ስለዚህ 1000 ጫማ 16,000 ፍሬም ይሆናል። በሰከንድ 16 ፍሬም ቢሄድ 16 ደቂቃ ከ40 ሰከንድ ይፈጃል፤ በ18 ወደ 14 ደቂቃ ከ49፣ በ20 ደግሞ 13 ደቂቃ ከ20 ይሆናል። በድምፅ ፊልም ፍጥነት፣ ማለትም በ24 ከሄደ 11 ደቂቃ ከ7 ሰከንድ ላይ ያልቃል። የባዮግራፍ ድራማዎች ብዙውን ጊዜ በ16 እና በ18 መካከል ነው የሚያምሩት። አንድ ሙሉ ሪል የሆነ ድራማ በ11 ደቂቃ ካለቀ ቅጂው የተጣደፈ ወይም የተቆረጠ ነው። በዓይን የሚታወቀውም ቀላል ነው፤ ሴቶቹ ሲያሙ ጭንቅላታቸው እህል እንደሚለቅሙ ዶሮዎች ከተወዛወዘ ፍጥነቱ ልክ አይደለም። ያኔ ሐሜቱ ያስቃል እንጂ አያስፈራም፤ «ዘ ኒው ዮርክ ሃት» ደግሞ ሐሜቱ ካላስፈራ ምንም አይቀረውም።

የፋይሉን መረጃ ከፍቶ «24» ወይም «25» የሚል ቁጥር ማየት ብቻውን ምንም አይነግራችሁም። ጥሩ እድሳት የተደረገላቸው ቅጂዎች ፍሬሞችን በመድገም ትክክለኛውን ፍጥነት በዘመናዊ ፋይል ውስጥ ያስቀምጣሉ። የምታምኑት ጠቅላላ ደቂቃውንና የሰዎቹን አረማመድ ነው። የተጣደፈ ሆኖ ካገኛችሁት በቪኤልሲ ወይም በዩቲዩብ ማጫወቻ ላይ ፍጥነቱን 0.75 አድርጉት፤ በ24 የሚሄደው ወደ 18 ይወርዳል። ወደ 16 ለማውረድ 0.67 ነው፤ ይህ በቪኤልሲ ይቻላል። በፋይሉ ላይ ያለው ሙዚቃ አብሮ ስለሚጎተት ድምፁን ዝጉና የራሳችሁን ሙዚቃ ክፈቱ።

ሁለተኛው የምስሉ ቅርጽ ነው። እነዚህ ፊልሞች 4 በ3 ናቸው (ወርዱ 4 ቢሆን ቁመቱ 3)። ሰፊ ቴሌቪዥን ምስሉን ከጎን ከለጠጠው ሰዎቹ ይወፍራሉ፤ ስክሪኑን እንዲሞላ ካሳደገው ደግሞ ከላይና ከታች በድምሩ ሩብ ያህሉ ይቆረጣል። ስለ ባርኔጣ በሚተርክ ፊልም ላይ የተዋናይዋ ራስ ከተቆረጠ ምን ይቀራል? በቴሌቪዥኑ የምስል ማስተካከያ ላይ 4 በ3 የሚለውን ምረጡ፣ በግራና በቀኝ የሚቀረው ጥቁር ቦታም አያሳስባችሁ።

ሦስተኛው የጽሑፍ ካርዶቹ ናቸው። ብዙዎቹ የባዮግራፍ ፊልሞች የተረፉት ለቅጂ መብት ምዝገባ ወረቀት ላይ ታትመው በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በመቀመጣቸው ወይም ኔጋቲቭ ሆነው በመቆየታቸው ነው። ስለዚህ አንዳንዱ ቅጂ ካርድ ይጎድለዋል፣ አንዳንዱ በኋላ ሰው የጻፈለት ካርድ አለው። ሁለት ቅጂ አውርዱና ካርዶቹን ቁጠሩ፤ ልዩነት ካለ ብዙ ካርድ ያለውን መጀመሪያ መርምሩ። የ1910ዎቹ የአሜሪካ ፊልሞች የቅጂ መብት በአሜሪካ ሕግ አብቅቷል፣ አዲስ የተቀዳው ሙዚቃ ግን ባለቤት ሊኖረው ይችላል። ዝግጅቱን ቀርጻችሁ ኢንተርኔት ላይ የምትጭኑ ከሆነ ይህን አስቡበት።

ትርጉም፦ በጽሑፍ ወይስ በሰው ድምፅ?

ከ20 ሰው በላይ በሚሆን አዳራሽ፣ በተለይ ሽማግሌዎች ካሉ፣ በሰው ድምፅ ማንበቡ ይሻላል። በጃፓን በድምፅ አልባው ዘመን ቤንሺ የሚባሉ ተራኪዎች ከስክሪኑ ጎን ቆመው ታሪኩን ያወሩ ነበር፤ ሕዝቡ ለእነሱ ሲል ትኬት እስከመግዛት ደርሷል። የእናንተ አንባቢ ግን ያን ያህል መሄድ የለበትም። ካርዱ ሲወጣ ይጀምር፣ ምስሉ ከመመለሱ በፊት ይጨርስ፣ ምስሉ ላይ ዝም ይበል። የአንድ ካርድ ትርጉም ከ8 እስከ 10 ቃል ባይበልጥ ይመረጣል፤ ከዚህ የሚወጣው ያ የእናት ደብዳቤ ነው፤ እሱ ላይ ማጫወቻውን አቁማችሁ አስነብቡ። አንባቢዎች የሚሳሳቱት ቀድመው በመናገር ነው። «ዘ ፔይንትድ ሌዲ» ላይ «ይህ ሌባ እኮ ያ ሰውዬ ነው» ያለ አንባቢ የፊልሙን ዋና ደቂቃ ቀምቷል።

ለአነስተኛ ቡድን ወይም ኢንተርኔት ላይ ለማጋራት የጽሑፍ ትርጉም ይሻላል። የኤስአርቲ (SRT) የትርጉም ጽሑፍ ፋይል አዘጋጁ፣ ስሙን ከቪዲዮው ስም ጋር አንድ አድርጉት፣ በዩቲኤፍ 8 (UTF-8) የጽሑፍ ኮድ አስቀምጡት። ፊደሉ ሳጥን ሳጥን ሆኖ ከወጣ ማጫወቻው የግዕዝ ፊደል የሌለው ፎንት መርጧል፤ ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክን ወይም ኒያላን ምረጡለት። ይህን ከዝግጅቱ በፊት በዚያው ኮምፒውተርና በዚያው ፕሮጀክተር ሞክሩ። በቤት ኮምፒውተር የሠራው በአዳራሹ ኮምፒውተር ላይ ላይሠራ ይችላል።

ሙዚቃው

ጨርሶ ያለ ሙዚቃ ማሳየት ለተማሪዎች ካልሆነ አይመከርም፤ ሰው ማሳል፣ ወንበር ማንቀሳቀስና ማውራት ይጀምራል። ኪቦርድ የሚጫወት ሰው ካለ በጣም ጥሩ ነው። ክራር ወይም ማሲንቆም ያምራል፣ በተለይ በትዝታ ቅኝት ለ«ዘ መዘሪንግ ሃርት»። አንድ ነገር ግን አጥብቀን እንመክራለን፦ ሰው ግጥሙን የሚያውቀው ዘፈን አይጫወት። ዜማው እንደተጀመረ ሕዝቡ በልቡ ግጥሙን ይከተላል፣ ዓይኑ ስክሪኑ ላይ ሆኖ ሐሳቡ ሌላ ቦታ ይሄዳል። ሙዚቀኛው ቅኝቱን ይያዝ፣ ዜማውን ከራሱ ያፍልቅ። ፊልሙንም አስቀድሞ ቢያንስ ሁለት ጊዜ ይይ፤ አለበለዚያ ሽጉጡ ሲተኮስ እሱ ገና የፍቅሩ ዜማ ላይ ነው።

አደራደሩ

ለአንድ ሰዓት ተኩል ምሽት ከ45 ደቂቃ በላይ ፊልም አትያዙ። ድምፅ አልባ ፊልም ዓይንን ያደክማል፤ ከሦስት ዋና ፊልም በላይ ከሆነ የመጨረሻው ላይ የሚመለከት ሰው አይኖርም። ለድብልቅ ተመልካች የምንመርጠው ቅደም ተከተል ሁለቱን የመሳሳም ፊልሞች፣ ከዚያ «ዘ ኒው ዮርክ ሃት»ን፣ ከ15 ደቂቃ ውይይት በኋላ ደግሞ «ኤ ሃውስ ዲቫይድድ»ን ነው። በዕድሜ ለገፉና ለባለትዳሮች የመጨረሻውን በ«ዘ መዘሪንግ ሃርት» ለውጡት። ለፊልም ተማሪዎች ባርኔጣውንና «ዘ ፔይንትድ ሌዲ»ን ያለ ዕረፍት አከታትሉ፤ አንድ ዳይሬክተር በአንድ ዓመት ውስጥ ለአንድ ጥያቄ ሁለት ተቃራኒ መልስ ሲሰጥ ያያሉ። በስደት ላለ ማኅበረሰብ «ሜኪንግ አን አሜሪካን ሲትዝን» ብቻውን ከመክፈቻ ጋር ይበቃል፤ የቀረውን ጊዜ ለውይይቱ ስጡት፤ ሴቶቹም መጀመሪያ እንዲናገሩ አድርጉ፤ ወንዶቹ ከጀመሩት ክርክሩ ስለ አገርና ስለ ባህል ብቻ ሆኖ ይቀራል።